ወጥ ቤት የሌለበት የጦርነት ልቦለድ አታስነብቡኝ

ሰሞኑን ሦስት ሰው "የጦርነት ታሪካዊ ልቦለድ ምን ላንብብ?" ብሎ ጠየቀኝና ለሦስቱም የተለያየ መልስ ሰጠሁ። ከዛ ማታ ቤት ገብቼ መደርደሪያዬን ሳየው ለካ እኔ የወደድኳቸው ሁሉ የሚያመሳስላቸው ነገር አለ፣ ሁሉም ውስጥ ምግብ አለ። ቀልዴን አይደለም። ማን አበሰለ፣ ማን ስንቅ ተሸከመ፣ ማን ጦሙን አደረ፣ ይሄን ሚነግረኝ መጽሐፍ ጦርነቱንም በደንብ ይነግረኛል። ጄኔራሉ ካርታ ላይ ጎንበስ ብሎ በጣቱ መንገድ ሚያሳይበት፣ ጀግናው ፈረሱን ኮልኩሎ ብቻውን መቶ ሰው ሚጥልበት ዓይነት ግን ሃያ ገጽ አልዘልቅም፣ ገዝቼ የተውኳቸው ብዛታቸው ያሳፍራል።

እና ይሄ ሙሉ ዝርዝር ምናምን አይደለም፣ በራሴ ብር ገዝቼ ያነበብኳቸው ናቸው፣ አንዱን እንደውም ተሸውጄ ነው የገዛሁት እሱን ወደ ታች እነግራችኋለሁ።

ከምርጡ ልጀምር፣ የመዓዛ መንግስቴ "ዘ ሻዶው ኪንግ"። እ.ኤ.አ. በ2019 የወጣ፣ በቀጣዩ ዓመት ለቡከር ሽልማት የመጨረሻው ዕጩ ዝርዝር ውስጥ የገባ፣ በእንግሊዝኛ የተጻፈ ነው። ዘመኑ ጣልያን መረብን ተሻግሮ የገባበት 1928 ነው። ሂሩት የምትባል እናት አባት የሌላት ልጅ ኪዳኔና አስቴር ቤት ገረድ ናት፣ ካባቷ የቀራት አንድ ውጅግራ ብቻ ነው፣ እሱንም ኪዳኔ ለዘመቻው መሣሪያ ሲሰበስብ ይወስድባታል። አስቡት እንግዲህ፣ ጣልያን ገና በሩቅ እያለ ልጅቷ በገዛ ጌታዋ ተዘርፋለች። እኔ እዚህ ጋ ነው መጽሐፉን አላስቀምጥም ያልኩት።

ከዛ ንጉሡ ሚያዝያ 1928 ከማይጨው ሽንፈት በኋላ ከሀገር ይወጣሉ፣ ሕዝቡ ንጉሥ አልባ ይሆናል፣ እነ ኪዳኔ ደግሞ ንጉሡን ቁጭ የሚመስል አንድ ምስኪን ሙዚቀኛ ያገኛሉ። ልብስ አልብሰው፣ ፈረስ ላይ አስቀምጠው ከሩቅ ለሕዝቡ ያሳዩታል፣ ሂሩት የዚህ ንጉሥ አጃቢ ወታደር ትሆናለች። የሰውዬው ስም ማን ይመስላችኋል? ምንም። በቃ ምንም ነው ስሙ። ፈረንጅ አንባቢ ትርጉሙ እስኪነገረው ይጠብቃል፣ እኛ ግን ስሙ እንደተጠራ ነው ሚገባን፣ እኔ ሳነብ ታክሲ ውስጥ ብቻዬን ስስቅ ሰው ሁላ ዞሮ አየኝ።

ግን ሚያስቅ መጽሐፍ አይደለም። ኪዳኔ አርበኛ ነው፣ ደፋርም ነው፣ ያችኑ ልጅ ደግሞ የሚደፍራትም እሱ ነው። መጀመሪያ ላይ ከፍቶኝ ነበር ልዋሻችሁ አልችልም፣ ስለ አርበኞች ስንማር ያደግነው በሌላ ቃና ነዋ። እያነበብኩ ስሄድ ግን መዓዛ አርበኞቹን አላቃለለችም፣ ሸክሙን ማን እንደተሸከመ ነው ያሳየችው። ሴቶቹ ውኃ ይቀዳሉ፣ ቁስለኛ ያነሳሉ፣ ይጋግራሉ፣ ከዛ ደግሞ ይዋጋሉ። እነ ሸዋረገድ ገድሌን በስም እናውቃለን፣ ስንቁን አዝለው የሄዱትን ግን ማን በስም ያውቃል? መጽሐፉ ውስጥ ወጥ ቤቷ እራሷ ስም የላትም፣ ወጥ ቤቷ ነው የምትባለው፣ እና የኔ ተወዳጅ ሰው እሷ ናት። ደራሲዋ መጨረሻ ላይ እንደምታወራው ቅድመ አያቷ ገና ልጅ ሳለች ያባቷን ጠመንጃ ለኔ ነው ሚገባኝ ብላ ከሳ፣ ረትታ፣ ዘምታለች፣ ይሄን መጽሐፉን ሳትጨርሱ አታንብቡት፣ መጨረሻ ላይ ሲመጣ ነው ሚጣፍጠው።

በጣልያኖቹ በኩል ኤቶሬ ናቫራ የሚባል ፎቶ አንሺ ወታደር አለ፣ አባቱ ይሁዲ ነው። አለቃው ኮሎኔል ፉቼሊ እስረኞችን ከገደል ሲያስወረውር እሱ እንዲያነሳ ይታዘዛል። ካሜራውን ይዞ ቆሞ "እኔ ምን ላርግ" ሚል ሰው እንዴት እንደሚያናድድ፣ ትንሽ ቆይቶ ደግሞ እንዴት እንደሚያሳዝን፣ ለዚህ ክፍል አምስት ከአምስት ሰጥቻለሁ።

ሚከብደው ምኑ ነው ላላችሁ፣ ንግግሩ ትምህርተ ጥቅስ የለውም፣ ማን እንደተናገረ ለመለየት አንዳንዴ ወደ ኋላ ትመለሳላችሁ። እንደ አልቃሽ እየተቀባበሉ የሚናገሩ ድምፆች አሉ፣ ፎቶ ብቻ የሚተረክበት ምዕራፍ አለ፣ ንጉሡ "አይዳ" የተባለውን ኦፔራ እያዳመጡ ሚብሰለሰሉበት ክፍል አለ። የመጨረሻው ለኔ ረዝሞብኛል፣ ሂሩትን ተራራ ላይ ትቶ ወደ ግራሞፎን ሲወስደኝ ገጽ የዘለልኩበት ጊዜ ነበር። ሌላው ደግሞ አስቴርና ወጥ ቤቷ ሲጨቃጨቁ በልቤ ወደ አማርኛ እየመለስኩ ነው ያነበብኩት፣ ያ ስድብ በኛ ቋንቋ ቢሆን እንዴት ያቃጥል ነበር እያልኩ።

ይሄን የወደደ ሰው ቀጥሎ የቺማማንዳ አዲቼን "ሃፍ ኦቭ ኤ የሎው ሰን" ይያዝ። የቢያፍራ ጦርነት ነው፣ ናይጄሪያ፣ እ.ኤ.አ. ከ1967 እስከ 1970። እዚህም የምንገባው በሠራተኛ በኩል ነው፣ ኡግዉ የሚባል የገጠር ልጅ ንሱካ ዩኒቨርሲቲ አስተማሪ ቤት ሊሠራ ይመጣል፣ የመጀመሪያ ቀን ፍሪጅ ከፍቶ ዶሮ ሲያይ ያብዳል፣ በልቶም አልበቃውም ቁምጣው ኪስ ውስጥ ይከታል። ያ ዶሮ ያለበት ቤት ከጥቂት ዓመት በኋላ የት እንደደረሰ ስታዩ ነው ጦርነት ምን እንደሆነ ሚገባችሁ፣ ያቺ የተማረች እመቤት ኦላና ለዕርዳታ የእንቁላል ዱቄት ትሰለፋለች። ባቡር ውስጥ ቅል አቅፋ የተቀመጠችዋን ሴት ግን አልነግራችሁም፣ እዛ ምዕራፍ ላይ ስትደርሱ ቀን ላይ አንብቡት ብቻ፣ ማታ አይሆንም። እና ኡግዉ፣ የወደድነው ኡግዉ፣ ተይዞ ሲዘምት ይቅር ማይባል ነገር ይሠራል። ደራሲዋ አላዳነችውም። እኛ ሀገር ሰው ይሄን መጽሐፍ ሲያነብ የሩቅ ሀገር ታሪክ አይመስለውም፣ ለምን እንደሆነ ማብራራት ያለብኝ አይመስለኝም። እንግሊዝኛው ደግሞ ከመዓዛው በጣም ይቀላል፣ ጀማሪ ከዚህ ቢነሳ ይሻላል።

የኤሪክ ማሪያ ሬማርክ "ኦል ክዋየት ኦን ዘ ዌስተርን ፍሮንት" አጭር ነው፣ በሁለት ቀን ያልቃል። ስለ አንደኛው የዓለም ጦርነት የጀርመን ወጣት ወታደሮች ነው፣ ሬማርክ እራሱ የተዋጋበት። ሲጀምር ምን ይላል፣ ወጥ ቤቱ ለ150 ሰው ቀቅሏል፣ ከግንባር የተመለሰው 80 ነው፣ ልጆቹ የሞቱትን ድርሻ ደርበው ሊበሉ በመሆኑ ደስ ብሏቸዋል፣ ወጥ ቤቱ ደግሞ የታዘዝኩት ለ150 ነው ብሎ አልሰጥም ይላል። ከዚህ በላይ ስለዛ ጦርነት ምን ይባላል? ናዚዎች እ.ኤ.አ. በ1933 መጽሐፉን አደባባይ ላይ አቃጥለውታል፣ አይገርመኝም።

አሁን ወደ "ነገም ሌላ ቀን ነው" ልምጣ፣ እዚህ ጋ ትንሽ ታገሱኝ። የማርጋሬት ሚሼል "ጎን ዊዝ ዘ ዊንድ" ነው፣ የአሜሪካ የርስ በርስ ጦርነት፣ ጆርጂያ፣ የአትላንታ መቃጠል። ነቢይ መኮንን በደርግ ጊዜ ማዕከላዊ ታስሮ፣ ወረቀት ስለሌለ የሲጋራ ፓኬት ውስጥ ባለችው ብርማ ወረቀት ላይ ነው የተረጎመው፣ ወደ 3,000 የሚጠጋ ቁራጭ። እየተፈቱ የሚወጡ እስረኞች በሲጋራ ፓኬት እየደበቁ አወጡለት፣ ከዛ እሱ ከተፈታ በኋላ ከየሰዉ ለቅሞ ሰበሰበው። እኔ ይሄን ሳላውቅ ነበር መጀመሪያ ያነበብኩት፣ ካወቅኩ በኋላ በድጋሚ ሳነበው ሌላ መጽሐፍ ሆነብኝ። ስካርሌት ከተቃጠለው ከተማ ሸሽታ ቤቷ ስትደርስ ሚበላ የለም፣ ከጎረቤት ጓሮ አፈር ውስጥ ሥር ቆፍራ ትበላና ታስመልሳለች፣ ዳግመኛ አልራብም ብላ ትምላለች። ይሄን ጠባብ ክፍል ውስጥ ላሉ እስረኞች ሲያነብላቸው ገምቱት።

አማርኛው ለስላሳ ነው፣ የተተረጎመ መሆኑን ምትረሱበት ገጽ ብዙ ነው። ስካርሌት መጋረጃ አውርዳ ቀሚስ ሚሰፋላት ጊዜ አክስቴ ጮክ ብዬ ሳነብላት "ይቺ ልጅ የኛ ሰፈር ናት" ነበር ያለችኝ። ታሪኩ ላይ ግን ቅሬታ አለኝ። ሚሼል የደቡቦቹን ባርያ አሳዳሪዎች ዓለም አሳምራ ነው ያቀረበችው፣ ጥቁሮቹ ሠራተኞች ጌቶቻቸውን ከመውደድ ሌላ የራሳቸው ሐሳብ ያላቸው አይመስሉም። እላይ ስለ ሂሩትና ስለ ኡግዉ ያወራሁትን አስታውሱ፣ እዚህ ቤት ወጥ ቤቱ ውስጥ ያሉት ሰዎች አሉ ግን አይናገሩም። ለትርጉሙ አምስት፣ ለታሪኩ ሦስት ተኩል። ከአንድ ሺህ ገጽ በላይ የሆነ እንግሊዝኛ ማንበብ ለማይፈልግ ደግሞ ትልቅ ዕድል ነው።

የቶልስቶይን "ጦርነትና ሰላም" ለምን አልጠራህም ምትሉ አትቆጡ፣ ሁለቴ ጀምሬ በሦስተኛው ነው የጨረስኩት፣ ግብዣውና ሰዉ በዛብኝ። ፒየር ግን ያን ሁሉ ሀብት ይዞ ሩስያና ናፖሊዮን የተጋጠሙበት ቦሮዲኖ ላይ እልቂት ሲያይ ውሎ ማታ ከተራ ወታደሮች ድስት በማንኪያ ሚበላበት ቦታ አለ፣ ለሱ ሲባል ይነበባል።

የተሸወድኩት "ኦሮማይ" ላይ ነው። የበዓሉ ግርማን "ኦሮማይ" ታሪካዊ ልቦለድ ነው ስል አንዳንዱ ይከራከረኛል፣ ሲጻፍ ጦርነቱ ገና ትኩስ ነበርና። እውነት ነው፣ ደርግ ኤርትራ ውስጥ ሻዕቢያን ለመደምሰስ የከፈተው የቀይ ኮከብ ዘመቻ 1974 ነው፣ መጽሐፉ የወጣው 1975፣ በዓሉም እዛው አስመራ ዘመቻው ላይ ነበር። ግን እኔ ያኔ አልተወለድኩም፣ ለኔ ታሪክ ነው። ጋዜጠኛው ፀጋዬ እጮኛውን ሮማንን አዲስ አበባ ትቶ አስመራ ይሄዳል፣ ከፊያሜታ ጋር ፍቅር ይይዘዋል። ግማሹ መጽሐፍ ሆቴል፣ ውስኪ፣ እራት፣ ስብሰባ፣ ጭፈራ ነው፣ አንባቢው ይመቸዋል፣ ተመቻችቶ ተቀምጦ ሳለ ናቅፋ ተራራ ላይ ይወስደውና ያስለቅሰዋል። በዓሉ ያን ሁሉ ያበላን ያጠጣን አውቆ ነው። መጽሐፉ ወዲያው ከገበያ ተሰበሰበ፣ እሱም ከሥራው ተባረረ፣ የካቲት 1976 እንደወጣ ቀረ።

እኔ የገዛሁት አንድ መንገድ ዳር ካለ ሻጭ ነው፣ በላስቲክ ታሽጎ፣ ዋናው ነው ተብዬ። ፎቶኮፒ ነበር፣ ቀለሙ የደበዘዘ፣ እና ልክ ዘመቻው ናቅፋ ላይ ሊደርስ ሲል 16 ገጽ የለም! ስመለስ ልጁ "እኔ አላተምኩት" አለኝ፣ ብሩም አልተመለሰም። ስለዚህ ላስቲኩን ሳታስከፍቱ አትክፈሉ፣ የገጽ ቁጥሩን በተለይ ወደ መጨረሻው እያገላበጣችሁ እዩ፣ ሻጩ ከተቆጣ ሌላ ሻጭ ሞልቷል።

የጎደለውን ያነበብኩት አጎቴ ጋ ነው። አጎቴ በብሔራዊ ውትድርና ሄዶ ሰሜን አራት ዓመት ቆይቷል፣ ስለዛ አያወራም፣ የድሮ "ኦሮማይ" ግን ቁም ሳጥኑ ውስጥ በጋዜጣ ጠቅልሎ ያስቀምጣል። አውሰኝ አልኩት፣ አይሆንም አለ። ቢያንስ 16ቱን ገጽ በስልኬ ላንሳ አልኩት፣ እሺ ብሎ አወጣልኝ። እኔ ፎቶ ሳነሳ ፊት ለፊቴ ተቀምጦ ገጾቹን በሁለት እጁ ገልጦ ያዘልኝ፣ አንዷን ግን እኔ ሳላነሳ ገለጠና አለፋት። "ጋሼ አንዷ ቀረች" ብለው "እሷን በቃሌ እነግርሃለሁ" አለኝ፣ ይኸው ሦስት ወር ሆነው።