ታሪካዊ ቦታ ለማስቀረጽ ለምታስቡ የጅማ ልጆች፦ ይህችን ባለሙያ እወቋት

የትምህርት ቤታችን የታሪክ ክበብ የአባ ጅፋር ቤተ መንግሥት ስላለበት ስለ ጅረንና አካባቢው አጭር ዘጋቢ ፊልም አሠርቷል። የሠራችልን እዚሁ ጅማ የምትኖር ወጣት ናት። እንደ ታሪክ መምህርነቴ ምስጋናዬን በአደባባይ ላድርስ ብዬ ነው። ስሜን አትጻፍ ስላለችኝ፣ የምትፈልጓት በውስጥ መስመር ጠይቁኝ።

መጀመሪያ ያናገርነው ሌላ ሰው ነበር። የአባ ጅፋርን ቤተ መንግሥት በሠርግ ቪዲዮ ስልት ሊሠራልን አሰበ። "ጭስ እንለቅበታለን" ሲለን አመስግነን ተለያየን።

እሷ ገና ስንገናኝ የጠየቀችን "ይሄን ማን ነው ያለው?" ብላ ነው። ዳግማዊ አባ ጅፋር እ.ኤ.አ. ከ1878 እስከ 1932 ጅማን መግዛታቸው ተጽፎ ይገኛል። ቁመታቸው ከሁለት ሜትር በላይ ነበር የሚባለውን ግን እየሰማን ነው ያደግነው። ሁለቱን በአንድ ተራኪ አላስነበበችም። ዓመቱ ከነዘመን አቆጣጠሩ ስክሪን ላይ ወጣ (እኛ አገር ይሄ ካልተለየ ሰባት ስምንት ዓመት ይዛነፋል)። የቁመቱን ነገር ደግሞ አንድ አባት በራሳቸው አንደበት፣ በአፋን ኦሮሞ አወጉት። ከሥሩ የአማርኛ ጽሑፍ አለው።

የቤተ መንግሥቱን የእንጨት ሥራ የቀረጸችበት መንገድ ነው በጣም የገረመኝ። እኩለ ቀን ላይ ካሜራ አታነሳም። ብርሃን ፊት ለፊት ሲመታው እንጨቱ ልሙጥ ይመስላል፤ ጠዋት ከጎን ሲያርፍበት ግን የአናጺው መሣሪያ ያለፈበት ሁሉ ጥላ እየጣለ ይታያል። መጠኑ እንዲታወቅ አጠገቡ መለኪያ ታስቀምጣለች። ከዚያ ዙሪያውን እየዞረች አንዱ በአንዱ ላይ የሚደራረብ ፎቶ ታነሳለች። ኮምፒውተሩ ፎቶዎቹን ገጣጥሞ ከየአቅጣጫው የሚታይ ምስል ያወጣል። እንጨት ነውና ምስጥም እርጥበትም አይምረውም። ነገ ጥገና ቢመጣ ዛሬ ምን እንደሚመስል ማስረጃ አለ ማለት ነው።

የጅማ መንግሥት ድንበሩን በቦይና በኬላ ያስጠብቅ ነበር። ቦዩ አልፎበታል ወደሚባል ሜዳ ፀሐይ ስታዘቀዝቅ ወሰደችን። በቀን የማይታየው ሰርጓዳ መስመር ጥላ ይዞ ብቅ አለ። ተማሪዎቼ ጮቤ ረገጡ። እሷ ግን "ጎርፍ የበላው የከብት መንገድም ሊሆን ይችላል፤ የሥነ ቁፋሮ ባለሙያ ይየው" ብላ ፊልሙም ላይ እንደዚያው አስቀመጠችው። እዚያው አንድ ልጅ የሸክላ ስባሪ ሊያነሳ ጎንበስ ሲል በቁጣ ነው ያስቆመችው። ስባሪው ካለበት አፈር ከተለየ በኋላ የየትኛው ዘመን እንደሆነ ማወቅ እንደሚከብድ እዚያው ቁጭ ብላ አስረዳችው። እኔ በአንድ ሙሉ ክፍለ ጊዜ እንዲህ አላስረዳሁትም።

እንከኗንም ልንገራችሁ፣ ቀርፋፋ ናት። ለነገ የሚደርስ ነገር ከፈለጋችሁ አትሞክሯት። ሠርግ አትቀርጽም። የፈቃድ ደብዳቤ ሳይያዝ ድሮን አታስነሳም፣ ብትለምኗትም። ዋጋዋ ርካሽ አይደለም፤ ነገር ግን በጽሑፍ ትዋዋላለች፣ ከፊልሙ ጋር ያልተቆረጠውን ቀረጻ ሁሉ በሃርድ ዲስክ ታስረክባለች። የአባቶች ቃለ መጠይቅ ሙሉው አሁን ቤተ መጻሕፍታችን ውስጥ ነው።

ዕድር፣ መስጊድ፣ ቤተ ክርስቲያን ወይም የድሮ ቤት ያለው ቤተሰብ ካለ ያናግራት። ዝናቡ ጋብ ሲል ቀኗ ቶሎ ስለሚያዝ አስቀድማችሁ ደውሉ።