ራጅ ካፑር፦ የትኛውን ፊልም ልግዛ?

ገንዘብዎ ለአንድ ዲስክ ብቻ ከሆነ «አዋራ»ን ይግዙ። የህንዱ የፊልም ሰው ራጅ ካፑር በ1951 እ.ኤ.አ. ዳይሬክተርም ፕሮዲዩሰርም መሪ ተዋናይም ሆኖ የሠራው ነው። ጥቁርና ነጭ መሆኑ አያሳስብዎት። ካሜራማኑ ራዱ ካርማካር በጭስና በብርሃን የሠራው የሕልሙ ክፍል ብቻውን ዋጋውን ያወጣል። ዳኛውን አባት የሚጫወቱት ደግሞ የራጅ ወላጅ አባት ፕሪትቪራጅ ካፑር ናቸው፤ ፍርድ ቤት ውስጥ ሲፋጠጡ ማየት ሌላ ነገር ነው።

«ሽሪ 420» (1955) ቀልድ ይበዛበታል፤ ቤተሰብ ሰብስቦ ለማየት ከ«አዋራ» ይመረጣል።

«ሳንጋም» (1964) የመጀመሪያው ባለ ቀለም ሥራው ነው። ቬኒስ አለ፣ ፓሪስ አለ፣ ዘፈኑም ያምራል። ግን ወደ 4 ሰዓት ይወስዳል፤ የሦስቱ ሰዎች ፍቅርም መሀል ላይ ይንዛዛል።

ጥንቃቄ የሚሻው «ሜራ ናም ጆከር» (1970) ነው። ሲወጣ ከ4 ሰዓት በላይ ነበር፣ ሁለት ዕረፍት ያለው። ገበያው ላይ ወደቀ፤ ካፑርንም ዕዳ ውስጥ ከተተው፤ በኋላ ብዙ ተቆርጦ ወደ 3 ሰዓት ወረደ። ምርጡ የተማሪው ልጅና የመምህርቱ ክፍል ስለሆነ ሙሉውን ካላገኙ ይለፉት። ከኪሳራው ያወጣው «ቦቢ» (1973) ለወጣቶች ይሆናል፤ የራጅ ልጅ ሪሺ ካፑርና አዲሷ ተዋናይት ዲምፕል ካፓዲያ ይተውኑበታል።

ከመክፈልዎ በፊት ሽፋኑ ጀርባ ላይ ደቂቃውን ያንብቡ። የ«አዋራ» ሙሉ ቅጂ 193 ደቂቃ ነው። ፓል በሚባለው የቴሌቪዥን ሥርዓት የተቀዳ ከሆነ በሴኮንድ 24 የነበረው ምስል 25 ሆኖ ስለሚሮጥ 185 ገደማ ይላል፤ አልተቆረጠም። 168 ካለ ግን ተቆርጧል። ቀጥሎ ዘፈኖቹም የትርጉም ጽሑፍ እንዳላቸው ይጠይቁ፤ ብዙ አሳታሚዎች ንግግሩን ተርጉመው ዘፈኑን ይተዉታል፣ የካፑር ታሪክ ግማሹ የሚነገረው ደግሞ በዘፈን ነው።

የዲቪዲው የክልል ቁጥርም አለ፤ ዲስኩ በየትኛው የዓለም ክፍል ማጫወቻ ላይ እንደሚሠራ የሚያሳይ ነው። ህንድና ኢትዮጵያ ሁለቱም 5 ስለሆኑ ከሙምባይ የመጣው አዲስ አበባ ላይ ይሠራል። ከዱባይ የሚላክልዎ 2፣ ከአሜሪካ የሚላከው 1 ሊሆን ይችላል፤ ማጫወቻዎ እምቢ እንዳይል 0 የተጻፈበትን፣ ማለትም በሁሉም ክልል የሚሠራውን፣ ያስመርጡ።