ለተማሪዎች የሚሰጥ የማኅበረሰብ ፕሮጀክት ድጋፍ፦ ማመልከቻው ከድሬዳዋ ሲታይ

በደጫቱ ወንዝ ዳርቻ ባለ አንድ ሰፈር የጎርፍ መውረጃ ቦዮችን ከቆሻሻ ለማጽዳት ያቀድን የድሬዳዋ ተማሪዎች ድጋፍ የጠየቅንበት የአንድ ግብረ ሰናይ ድርጅት አገልግሎት በአመዛኙ የሚመሰገን ነው። ቅጹ ከገንዘቡ መጠን አስቀድሞ ችግሩን፣ ተጠቃሚዎቹንና ድጋፉ ሲያበቃ ሥራውን ማን እንደሚያስቀጥል መጠየቁ ሐሳባችንን አጥርቶልናል፤ የ1998 ዓ.ም. ጎርፍን የሚያስታውሱ አዛውንቶች የትኛው ቦይ መቅደም እንዳለበት የነገሩንም ይህንኑ ለመመለስ ስንጠይቃቸው ነው። ቅር የሚያሰኘው የበጀቱ ክፍል ሲሆን፣ ለአካፋና ለእጅ ጋሪ ሳይቀር ከሦስት ነጋዴዎች ፕሮፎርማ (የዋጋ ማቅረቢያ ወረቀት) ይጠይቃል፤ የከተማችን የቀፊራ ገበያ ነጋዴ ግን ለሁለት አካፋ ማኅተም ያረፈበት ወረቀት አይጽፍም፣ አይፈረድበትምም። የቀበሌው የድጋፍ ደብዳቤ ጊዜ ስለሚወስድ፣ አመልካቾች ቅጹን መሙላት ከመጀመራቸው በፊት ቢጠይቁት ይሻላል።