«ጋንግስ ኦፍ ዋሴፑር»፦ ሽማግሌ ያልገባበት ደም

የአኑራግ ካሽያፕ «ጋንግስ ኦፍ ዋሴፑር» በ2012 እ.ኤ.አ. በሁለት ክፍል የወጣ የህንድ ፊልም ነው። ሲቀረጽ አንድ ነበር፤ ሁለቱ ሲደመሩ ከ5 ሰዓት በላይ ስለሚሄዱ ተከፈለ። ክፍል 2ን ነጥሎ መጀመር ድካም ነው፤ ማን የማን ደመኛ እንደሆነ የሚታወቀው በመጀመሪያው ነው። በሁለት ምሽት ከፍላችሁ እዩት።

ነገሩ የሚነሣው ከድንጋይ ከሰል ነው። ዋሴፑር ሰፈር ባለባት በህንዷ ከተማ ዳንባድ ውስጥ ሻሂድ ካን ለማዕድኑ ባለቤት ለራማዲር ሲንግ ጉልበተኛ ሆኖ ሠራተኛውን ያስገብራል። ማዕድኑን ከጌታው ሊነጥቅ ማሰቡን ሲናገር ጌታው ራሱ ይሰማውና ያስገድለዋል። ልጁ ሳርዳር ደሙን እስኪመልስ ፀጉሩን ላያሳድግ ይምላል።

ጎጃም ውስጥ ራስን መላጨት የሐዘን ነው፤ ጊዜው ሲያልፍ ፀጉሩም ያድጋል። የሳርዳር ግን ማብቂያ የለውም። ሚስት ያገባል፣ ይወልዳል፣ ጎልማሳ ይሆናል፤ አሁንም የተላጨ ነው። ልጆቹ ሌላ መልክ ያለው አባት አያውቁም። ቂም እንደ ርስት ሲወረስ በዚህ ልክ ያሳየ የወንጀል ፊልም ጥቂት ነው፤ ማኖጅ ባጅፓዬም በሚገባ ተጫውቶታል።

ደም የሚፋሰሱት ግን በአብዛኛው ካኖች፣ ማለትም የሳርዳር ቤተሰብ፣ እና የዋሴፑር ሥጋ ሻጭ ወገን የሆኑት ቁረሺዎች ናቸው። ራማዲር በመሀል ፖለቲከኛ ሆኖ ወንበሩን ያደላድላል። የሁለቱ መጋደል ይጠቅመዋል፤ ስልጣኑ የቆመው በዚያ ላይ ነው።

የሳርዳር የበኩር ልጅ ዳኒሽ ከቁረሺዎች ቤት ያገባል። በእኛ ዘንድ ደም የተቃቡ ወገኖች ከመጋባታቸው በፊት ሽማግሌና ቄስ መሀል ይገባሉ፤ የገዳይ ወገን ጥፋቱን ያምናል፣ ካሳ ይቆረጣል፣ በመሐላ ይታሰራል፤ ደም የሚደርቀው ያኔ ነው። ዋሴፑር ላይ ይህ ሁሉ ተዘሎ ሠርግ ይደገሳል። የሙሽራይቱ ወንድም ሱልጣን ከነቂሙ ይቀራል፤ ከዚያ በኋላ የሚመጣውን ሁሉ ለመረዳት ይቺን ሠርግ ልብ ማለት ይበቃል።

ክፍል 2 የሳርዳር ሁለተኛ ልጅ የፋይዛል ነው። ናዋዙዲን ሲዲኪ ሐሺሽ የሚያጨሰውን፣ ማንም ከቁም ነገር ያልቆጠረውን ልጅ ቀስ አድርጎ ወደ ገዳይነት ያመጣዋል። መካከሉ ላይ ግን ፊልሙ ይንዛዛል፤ ፐርፔንዲኩላር፣ ታንጀንት፣ ዴፊኒት የሚባሉ ቅጽል ስሞችም ይደራረባሉ።

የግርጌ ጽሑፍ ያለበትን ቅጂ ምረጡ። ተራኪ በላዩ የሚናገርበት ትርጉም ስሞቹን እየዘለለ የዘር ሐረጉን ያጠፋዋል። ግድያውና ስድቡ ብዙ ስለሆነ ልጆች ባሉበት አይከፈትም። ወረቀት አዘጋጁና በሦስት ረድፍ ጻፉ፦ በአንዱ ሻሂድ፣ ሳርዳር፣ ዳኒሽና ፋይዛል፤ በሌላው ራማዲርና ልጁ ጄፒ፤ በሦስተኛው ሱልጣን ቁረሺ። ዴፊኒትን ከፋይዛል ጎን አድርጉት፤ አባታቸው አንድ ነው፣ እናቱ ግን ሌላ ናት። ይህን ያልያዘ ተመልካች መጨረሻው ላይ ግራ ይጋባል።