ሰርጓጅ መርከብ ያላሰጠመችው ጀልባ፦ ከሃቫና የግማሽ ቀን ጉብኝት

ልጅነቴ ያለፈው ኩባ ነው። ወጣቶች ደሴት ላይ፣ ግማሽ ቀን ትምህርት፣ ግማሽ ቀን ግሬፕፍሩት ለቀማ። በእነዚያ ዓመታት ሁሉ የአሜሪካዊውን ደራሲ የኧርነስት ሄሚንግዌይን ቤት አንድ ቀን አላየሁትም። ዘንድሮ ከአብሮ አደጌ ጋር ተመልሰን ስንሄድ ግን የግማሽ ቀን ጉብኝት ገዛን። የአስጎብኚውን ድርጅት ስም አልጠራም። ማስታወቂያው ላይ በትልቁ "የናዚ ሰርጓጅ መርከቦችን ያደነችው ጀልባ" ይላል። የሳበኝም እሱ ነው። (ዓመቶቹን በፈረንጅ ነው የምጽፈው።)

ጥሩ ጥሩውን ላስቀድም። መኪናው በሰዓቱ መጣ። ሹፌሩ ሰማዩን አየና "ዝናብ ከጣለ ቤቱን ይዘጉታል፣ ቶሎ እንውጣ" አለን። ቤቱ ያለባት ሳን ፍራንሲስኮ ደ ፓውላ ከሃቫና 15 ኪሎ ሜትር ያህል ብትሆን ነው። ገና ሰው ሳይበዛ ደረስን።

ቤቱ ውስጥ አይገባም። በተከፈቱት በሮችና መስኮቶች አንገት አስግጎ ማየት ነው። መጻሕፍት፣ ግድግዳ ላይ የተሰቀሉ የአውሬ ራሶች፣ መታጠቢያ ቤቱ ግድግዳ ላይ ሰውዬው ክብደቱን እየተመዘነ የጻፋቸው ቁጥሮች። ደስ ይላል። እኔ ግን ልቤ ጀልባዋ ጋ ነበር።

የሄሚንግዌይ ጀልባ ፒላር ድሮ ቴኒስ ሜዳ በነበረው ቦታ ላይ፣ ጣራ ተሠርቶላት ቆማለች። ጠብታ ውሃ የለም። ሆዷ ጥቁር፣ ጣራዋ አረንጓዴ። በዙሪያዋ በተሠራው የእንጨት መተላለፊያ እየተዞረ ከላይ ይታያል። ርዝመቷ 38 ጫማ ነው፤ አንድ የከተማ አውቶቡስ ብታህል ነው። በ1934 ብሩክሊን ውስጥ ዊለር የሚባል የጀልባ ፋብሪካ ሠራት፤ ዋጋዋ 7,495 ዶላር ነበር። ሞተሯ ሁለት ነው፤ አንዱ 75 የፈረስ ጉልበት፣ ሌላው 40። ትንሹ ዓሣ ሲጠመድ ቀስ እያሉ ለመሄድ ነው። ስትሠራ ለዓሣ እንጂ ለጦርነት አልታሰበችም።

በ1942 የጀርመን ሰርጓጆች ካሪቢያን ገብተው ነዳጅ ጫኝ መርከቦችን ያጋዩ ጀመር። አሜሪካ የሚያጅብ መርከብ አጠራት፤ የግል ጀልባ ያላቸውም ቅኝት እንዲወጡ ተጠየቁ። ሄሚንግዌይ ሃቫና ያለውን የአሜሪካ አምባሳደር አሳመነ። ሬዲዮ፣ መትረየስና የእጅ ቦምብ ተሰጠው። ፒላር ለሳይንስ ምርምር የምትዞር ጀልባ መሰለች። ዕቅዱን ስሙልኝ። ሰርጓጁ ዓሣ አጥማጆች ናቸው ብሎ ብቅ ይላል፤ ዓሣና ውሃ ሊቀማ ይጠጋል፤ ያኔ በተከፈተው መግቢያው ቦምብ መወርወር። አብሮ አደጌ ሳቁን መቆጣጠር አቃተው። "አንቺ፣ ሰርጓጁ እኮ መድፍ አለው! ይቺ እንጨት ናት!"

እስከ 1943 ድረስ ዞሩ። ሰርጓጅ ከሩቅ አዩ እንጂ አንድ ጥይት አልተኮሱም። ጋዜጠኛዋ ሚስቱ ማርታ ጌልሆርን ነገሩን ሁሉ በራሽን ዘመን ቤንዚን አግኝቶ ዓሣ የማጥመጃ ሰበብ አድርጋ ታሾፍበት ነበር። እኔ እንኳ እንደሷ አልጨክንም። ሌባ ያልያዘ ዘበኛ ሁሉ ተኝቶ አደረ አይባልም።

አስጎብኚያችን ግን ምን አለ? "ይህች ጀልባ ሰርጓጅ መርከብ አሰጥማለች።" በስፓኒሽ "የቱን?" አልኩት። ደነገጠ። ቋንቋውን እንደምንሰማ አላወቀም። ትንሽ ቆይቶ ሳቅ አለና "ኮምፓኜራ (ጓዲት)፣ ቱሪስት የሚወደው ይሄን ነው" አለኝ።

የሚያበሳጨው፣ እውነተኛው ታሪክ ከውሸቱ ይበልጣል፤ የራሱ የኩባም ነው። ግንቦት 15 ቀን 1943 (በእነሱ አቆጣጠር) ሲ ኤስ 13 የምትባል ትንሽ የኩባ ባሕር ኃይል ጀልባ፣ ከኢሳቤላ ደ ሳጓ ወደ ሃቫና የሚሄዱ የጭነት መርከቦችን ከሌሎች ጋር አጅባ ትጓዝ ነበር። አንድ የአሜሪካ አውሮፕላን ዩ 176 የተባለውን የጀርመን ሰርጓጅ አይቶ ቦታውን በጭስ አመለከተ። ሲ ኤስ 13 ደርሳ ጥልቅ ውሃ ውስጥ የሚፈነዱ ቦምቦቿን ጣለች። ዩ 176 ከነ 53 ሰዎቹ ሰጠመ። አሁን ደግሞ ይህን ስሙ፦ ሲ ኤስ 13 ከእንጨት የተሠራች 83 ጫማ ጀልባ ነበረች። አሜሪካ የዚህን ዓይነት ጀልባዎች ያሠራችው ዊለር ዘንድ ነው። የፒላር እናት ፋብሪካ! ይህን ጀልባዋ ሥር ቆሞ የሚነግር አስጎብኚ ቢኖር እኔ ራሴ ጉርሻ እጨምርለት ነበር።

ጀልባዋ ጋ የተሰጠን 10 ደቂቃ ነው። የሩም መሸጫው ጋ 40። ነገሩ ይገባችኋል።

ኮሂማር መውረዳችን ግን ካሰኝ። የፒላር ካፒቴን ግሬጎሪዮ ፉዌንቴስ በ2002 በ104 ዓመቱ ያረፈው በዚህች የዓሣ አጥማጆች መንደር ነው። ጀልባዋን ሄሚንግዌይ ለእሱ አወረሰው፤ እሱ ደግሞ ለመንግሥት ሰጣት። ባሕሩ ዳር ያለው የሄሚንግዌይ ሐውልት የተሠራው ዓሣ አጥማጆቹ ያዋጡት ብረታ ብረት ቀልጦ ነው። እዚያ አስጎብኚው ስልክ ሲያወራ፣ ስለ ፉዌንቴስ ያጫወተን ሹፌሩ ነበር።

ለመኪናውና ለሹፌሩ ከ5 5፣ ለትረካው 2። ቦታው ራሱ መሄድ ያስቆጫል ብዬ አላስብም። ግን ጉብኝቱን አትግዙ። ደረቅ ጠዋት መርጣችሁ ታክሲ ያዙ፣ ፒላር ጋ አንድ ሰዓት ቁሙ፣ ከዚያ ኮሂማር ውረዱ። ሹፌራችሁ ከ60 በላይ ከሆነ ደግሞ ወሬ ክፈቱለት።