አስቀድሞ ድምፅ ማሰጠት ወይስ ቶሎ አድማ መምታት? የብሪታንያ የድንጋይ ከሰል ቆፋሪዎች ሁለት መንገዶች

የብሪታንያ ከሰል ቆፋሪዎች ማኅበር ሁለቱንም ሞክሯል።

አባላቱን ድምፅ አሰጥቶ አድማ መውጣት (እ.ኤ.አ. 1972)፦ ጊዜ ይወስዳል። ግን አባላቱ አንድ ላይ ወጡ። ጥር ላይ፣ ከሰል በብዛት በሚፈለግበት በብርዱ ወር ተጀመረ። ከሰል አጥሮ መብራት ጠፋ። በ7 ሳምንት ጥሩ የደመወዝ ጭማሪ ተገኘ።

ያለ አገር አቀፍ ድምፅ መውጣት (እ.ኤ.አ. 1984)፦ ፈጣን ነው፤ የከሰል ጉድጓዶቹ መዘጋትም ፋታ አይሰጥም ነበር። አደጋው ግን ከባድ ነው። በእንግሊዝ የከሰል አካባቢ በኖቲንግሃምሻየር ብዙዎቹ ሥራ ቀጠሉ፤ ወንድም ከወንድም ተቃቃረ። ብርዱ እያለፈ፣ መጋቢት ላይ ተጀመረ። መንግሥት ደግሞ ከሰል አከማችቶ ነበር። ቤተሰቦች ዓመት ያህል ተቸግረው፣ ሠራተኞቹ ያለ ስምምነት ተመለሱ። እስካሁን ያሳዝነኛል።

ጥያቄው ደመወዝ ከሆነና ጊዜ ካለ፣ የመጀመሪያው ይሻላል። ጉድጓዱ ነገ ሊዘጋ ከሆነ መቸኮሉ ይገባኛል፤ ያኔም ቢሆን የሌላውን አካባቢ ሠራተኛ ማሳመን ይቅደም።