የካልጋሪ ሂትመን የውድድር ዘመን ቲኬት፦ የአንድ አባት ግምገማ

የካልጋሪ ብርድ ከጥቅምት ጀምሮ ቤተሰብን ቤት ውስጥ ይቆልፋል። መውጫችን ቤተ ክርስቲያን፣ የዘመድ ቤትና የገበያ አዳራሽ ብቻ ይሆናል። ልጆቻችን ደግሞ ትምህርት ቤት ስለ ሆኪ ሲወራ ውለው ብዙ ጥያቄ ይዘው ይመጣሉ። ለሁለቱም አንድ መልስ ስጥ ብባል፣ የካልጋሪ ሂትመንን ቲኬት ግዙ እላለሁ። የከተማዋን ትልቁን የሆኪ ቡድን ፍሌምስን ማለቴ አይደለም፤ ታዳጊዎቹን ነው።

ሂትመን ዕድሜያቸው ከ16 እስከ 20 የሆኑ ወጣቶች የሚጫወቱበት የዌስተርን ሆኪ ሊግ ቡድን ነው። ስሙን ያገኘው ከመሥራቾቹ አንዱ ከነበረው የካልጋሪ ልጅ፣ ከታዋቂው የነፃ ትግል ስፖርተኛ ከብሬት ሃርት ቅጽል ስም ነው። የሚጫወተው ፍሌምስ በሚጫወትበት በሳድልዶም፣ በዚያው በረዶ ላይ ነው። ዋጋው ግን ከቶ አይገናኝም። አንድ ሰው ፍሌምስን ጥሩ ቦታ ተቀምጦ ለማየት በሚያወጣው ገንዘብ አንድ ቤተሰብ ሂትመንን አይቶ በባቡር ወደ ቤቱ ይገባል። በአንድ የውድድር ዘመን 68 ጨዋታዎች አሉ፤ 34ቱ በሜዳው ናቸው። ከመስከረም እስከ መጋቢት ድረስ ይቆያል፤ ከዚያ በኋላ 16 ቡድኖች ወደ ጥሎ ማለፉ ያልፋሉ።

ከመግዛታችሁ በፊት ልትረዱት የሚገባ ነገር አለ። በዚህ ሊግ ተጫዋች አይቆይም። አንድ ቡድን ሃያ ዓመት የሞላቸውን ልጆች ከሦስት በላይ መያዝ አይችልም፤ ከዚያ ዕድሜ ያለፈ ደግሞ ቦታ የለውም። ዛሬ ልጃችሁ ስሙን እየጠራ የሚጮህለት ተጫዋች ቢበዛ ከአራት አምስት ዓመት በኋላ አይገኝም። አንዱ ፍሌምስ ወደሚጫወትበት ወደ ታላቁ ሊግ፣ ሌላው ወደ ዩኒቨርሲቲ፣ ሌላው ወደ አባቱ እርሻ ይሄዳል። ስለዚህ የእያንዳንዱ ዓመት ቡድን ራሱን የቻለ ታሪክ ነው፤ ተጀምሮ ያልቃል፣ ዳግመኛም አይሰበሰብም። ያለፉትን የውድድር ዘመናት ታሪክ ያላወቀ ሰው ሁለት ሰዓት ተኩል ተዝናንቶ ይመለሳል። ያወቀ ግን ቲኬቱ እጥፍ ዋጋ ያወጣለታል። ይህን በደንብ የተረዳሁት ትልቋ ልጄ የየዓመቱን አሸናፊ በደብተሯ ላይ መመዝገብ ከጀመረች ወዲህ ነው።

የደብተሩ የመጀመሪያ መስመር 1967 ነው (እዚህ የምጠቅሳቸው ዓመታትና ወራት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። ሊጉን በ1966 ያቋቋሙት የኤድመንተን ኦይል ኪንግሱ ቢል ሀንተርና ጥቂት የሳስካችዋን ሰዎች ናቸው። ሰባት ቡድኖች ይዘው ሲነሡ የካናዳ አማተር ሆኪ ማኅበር ዕውቅና ነፈጋቸው፤ ለሜሞሪያል ዋንጫም እንዳይወዳደሩ ተከለከሉ። ሜሞሪያል ዋንጫ ማለት በአንደኛው የዓለም ጦርነት ለወደቁ ካናዳውያን መታሰቢያ በ1919 የተጀመረ፣ ለታዳጊዎች ከሁሉ የበለጠው ዋንጫ ነው። እነ ሀንተር ግን እምቢ አሉና የራሳቸውን ውድድር ቀጠሉ፤ የመጀመሪያውን ዋንጫም ሙስ ጆ ካናክስ ወሰደ። ሙስ ጆ ትንሽ ከተማ ናት። ከዚያ በኋላ የሊጉን ዋንጫ ዳግመኛ ያየችው በ2024፣ በሌላው ቡድኗ በዋሪየርስ ነው። በልጄ ደብተር ላይ በሁለቱ መካከል 57 ዓመታት አሉ። አንድ ከተማ ለአንድ ዋንጫ ይህን ያህል ሲጠብቅ፣ በመጀመሪያው ድል ያጨበጨበ ልጅ በሁለተኛው አያት ሆኗል ማለት ነው።

በደብተሩ ላይ ሁለት ጊዜ ሰረዝ ተሰምሯል። በ2020 መጋቢት ወር ኮሮና ውድድሩን አቋረጠው፤ ዋንጫም አልተሰጠም። በ2021 ቡድኖች ቢበዛ 24 ጨዋታ ብቻ አድርገው ያለ አሸናፊ ተለያዩ። ሂትመን በዚያ ዓመት ከከተማው ጥግ ባለው በጹቲና ብሔረሰብ ግዛት፣ በሰቨን ቺፍስ አዳራሽ ያለ ተመልካች ተጫወተ። ሃያ ዓመት ሞልቷቸው የነበሩ ልጆች የመጨረሻ ዕድላቸው እንዲያ አለፈ። ይህ ሊግ ለማንም አንድ ዓመት አይጨምርም።

የካልጋሪ ታሪክ ደግሞ የመሄድና የመምጣት ታሪክ ነው። ከተማዋ ከመጀመሪያው ዓመት ጀምሮ በቡፋሎስ፣ በኋላም በሴንቴኒያልስ ስም ቡድን ነበራት፤ በ1977 ወደ አሜሪካ ሞንታና ሄደ። በዚያው ዓመት ራንግለርስ ከዊኒፔግ መጣ፤ በኋላ ለፍሌምስ ዋንጫ ያመጣው ግብ ጠባቂ ማይክ ቨርነን የዚያ ቡድን ልጅ ነው። በ1987 ራንግለርስም ወደ ሌትብሪጅ ሄዶ ሃሪኬንስ ተባለ። ካልጋሪ ስምንት ዓመት ያለ ቡድን ቆይታ ሂትመን በ1995 መጫወት ጀመረ። በአራተኛ ዓመቱ የሊጉን ዋንጫ ወሰደ። ያን ዓመት ፓቬል ብሬንድል የተባለ የቼክ ልጅ 73 ግብ አስቆጠረ። በሜሞሪያል ዋንጫ ፍጻሜ ግን በኦታዋ ሜዳ፣ በተጨማሪ ሰዓት 7 ለ 6 ተሸነፉ። ሁለተኛው የሊግ ዋንጫ በ2010 መጣ። በመካከል ታላቁ ሊግ በአሠሪዎችና በተጫዋቾች ጠብ ሙሉውን ዓመት በተዘጋበት በ2004 እና 2005 ሂትመን በአማካይ ከ10,000 በላይ ተመልካች ይዞ ተጫወተ። ያኔ በቡድኑ ውስጥ የነበሩት ራየን ጌትዝላፍና አንድሩ ላድ በኋላ የታላቁን ሊግ የስታንሊን ዋንጫ አንሥተዋል። እኔ ለማውቃቸው ሁሉ የምናገረው ይህን ነው፦ በዚያ ዓመት ርካሽ ቲኬት የገዙ ሰዎች ነገ ዓለም የሚያውቃቸውን ልጆች ከመስታወቱ ማዶ አይተዋል።

አዳራሹ ውስጥ ስትገቡ ወደ ጣሪያው ቀና በሉ። የፍሌምሱ 12 ቁጥር እዚያ አለ፤ የጃሮም ኢጊንላ ነው። አባቱ ከናይጄሪያ የመጣ ስደተኛ ሲሆን፣ ልጁ በአልበርታ አድጎ በዚሁ የታዳጊዎች ሊግ ለካምሉፕስ ብሌዘርስ ተጫውቷል። በ1994 እና በ1995 ሜሞሪያል ዋንጫ ወስዷል። በኋላ የፍሌምስ አምበል ሆነ፤ በ2002 ደግሞ ለካናዳ የኦሎምፒክ ወርቅ አመጣ። ይህን ለልጆቼ ስነግራቸው ትንሹ ከወንበሩ ተነሥቶ ቁጥሩን እስኪጠግብ አየው። ሆኪ የእኛ አይደለም ለሚሉ ወላጆች ከዚህ የተሻለ መልስ የለኝም።

እኔ በሙያዬ የአውቶቡስ አሽከርካሪ ነኝ፤ ስለዚህ ከዚህ ሊግ ታሪክ ልቤን የሚነካው የመንገዱ ነው። ልጆቹ በአውሮፕላን አይሄዱም። ማኒቶባ ውስጥ ያለው ብራንደን ከካልጋሪ ከአንድ ሺህ ኪሎ ሜትር በላይ ነው፤ ያን ሁሉ በጥር በረዶ በአውቶቡስ ይጓዛሉ። ታኅሣሥ 30 ቀን 1986 የስዊፍት ከረንት ብሮንኮስ አውቶቡስ ወደ ሬጃይና ሲሄድ፣ ገና ከከተማው እንደወጣ በዓይን በማይለይ በረዶ ላይ ተንሸራትቶ ተገለበጠ። ከኋላ ወንበር ካርታ ይጫወቱ የነበሩ አራት ልጆች ሞቱ፦ ትሬንት ክሬሲ፣ ስኮት ክሩገር፣ ክሪስ ማንቲካና ብሬንት ራፍ። እንዲህ ያለውን መንገድ የነዳ ሰው ያውቀዋል፤ መሪው በድንገት እጅህ ላይ ይቀልልሃል፣ ፍሬን መርገጥ ደግሞ ነገሩን ያባብሰዋል። ቡድኑ የአራቱን መታሰቢያ ባለ አራት ቅጠል ምልክት አድርጎ በማሊያው ላይ ሰፋ፤ በ1989 ደግሞ ሳስካቱን ላይ፣ ባለሜዳውን ሳስካቱን ብሌድስን በተጨማሪ ሰዓት 4 ለ 3 አሸንፎ ሜሞሪያል ዋንጫን አነሣ። በ2018 በሌላ የታዳጊዎች ሊግ የሀምቦልት ብሮንኮስ አውቶቡስ ከከባድ መኪና ጋር ተጋጭቶ 16 ሰዎች ሲሞቱ፣ አልበርታ በቀጣዩ ዓመት ለከባድ መኪናና ለአውቶቡስ አሽከርካሪዎች የግዴታ ሥልጠና አወጣች። እኔም መንጃ ፈቃዴን ያወጣሁት በዚያ ሥልጠና ነው። ስለዚህ እንግዳው ቡድን ሲገባ ከሁሉ በፊት በሰላም መምጣታቸውን አመሰግናለሁ።

ወላጅ ሆኜ ልደብቀው የማልችለው ሌላም ነገር አለ። የስዊፍት ከረንት አሠልጣኝ የነበረው ግራሃም ጄምስ በሥሩ ያሉ ልጆችን ለዓመታት በወሲብ ሲበድል ነበር። ከዚያ አውቶቡስ የተረፈውና በ1989 ዋንጫውን ያነሣው ሼልደን ኬኔዲ በ1996 ወጥቶ ተናገረ። ጄምስ በዚያን ጊዜ የሂትመን አሠልጣኝ ነበር፤ በቀጣዩ ዓመት ጥፋቱን አምኖ ታሰረ። ኬኔዲ ከዚያ በኋላ ዕድሜውን ለልጆች ጥበቃ ሰጠ። እርሱ ባቋቋመው ድርጅት በኩል የተዘጋጀውን የኢንተርኔት ሥልጠና በአልበርታ ልጁን ሆኪ የሚያስመዘግብ ወላጅ ይወስዳል። እኔም ወስጄዋለሁ፤ በየቤታችን ቢታይ የምመኘው ትምህርት ነው። ልጆቻችንን ለማንም አሠልጣኝ፣ ለማንም መምህር ስንሰጥ ዓይናችንን ከፍተን መሆን አለበት። ክብር የሚገባው እውነቱን ለተናገረው ልጅ ነው።

አሁን ወደ ወንበሩ ልምጣ። ከሁሉ የምመርጠው ታችኛው ክፍል፣ ከግቡ በስተጀርባ በማዕዘን በኩል ከመስታወቱ ጥቂት ረድፍ ከፍ ብሎ ነው። ከዚያ ስትቀመጡ ስለቱ በረዶውን ሲቆርጥ ይሰማል። ብሔራዊ መዝሙር ሲዘመር የራስ ቁራቸውን ሲያወልቁ ጢም ያላበቀለ ፊታቸውን፣ ግንባራቸው ላይ ያለውን ብጉር ሳይቀር ታያላችሁ። ግብ ጠባቂው ከእያንዳንዱ ክፍለ ጊዜ በፊት ከግቡ ፊት ያለውን በረዶ በጫማው ወደ ጎን እየተንሸራተተ ይፍቀዋል፤ ያንን ሳይጨርስ ወደ ቦታው አይቆምም። በዕረፍት ጊዜ የበረዶ ማለስለሻው መኪና ሲወጣ ልጆቹን ለምግብ አትላኩ። አሽከርካሪው ያለፈበትን መስመር በትንሹ እየደረበ፣ አንዲት ጣት ሳይስት ሲዞር ማየት ለእኔ የጨዋታው አካል ነው።

የማይመቸኝም አለ። ሳድልዶም ከ19,000 ሰው በላይ የሚይዝ አዳራሽ ስለሆነ በሥራ ቀናት ምሽት አብዛኛው ወንበር ባዶ ይሆናል፤ ድምፁም ይበተናል። ድብድብ ደግሞ አሁንም አለ። የኩቤክ የታዳጊዎች ሊግ በ2023 በደንቡ ከልክሎታል፤ ይህኛውም ሊከተለው ይገባል ብዬ አምናለሁ። የአሥራ ሰባት ዓመት ልጅ ጭንቅላት ለጭብጨባ ሲባል ሊመታ አይገባም። በአንጻሩ ሊጉ ለተጫወቱበት ለእያንዳንዱ የውድድር ዘመን የአንድ ዓመት የትምህርት ክፍያና መጽሐፍ ለልጁ መስጠቱን አደንቃለሁ። ከአምስት ኮከብ አራት የሰጠሁትም ይህንና ያንን መዝኜ ነው።

ቲኬት ከቡድኑ በቀጥታ ግዙ። ስሙን የማልጠቅሰው አንድ መልሶ ሻጭ ድረ ገጽ በመጨረሻው ገጽ ላይ በጨመረው ክፍያ ለሦስት ሰው ያሰብኩት ገንዘብ ለሁለት ብቻ በቅቶልኛል። በቀዩ መስመር ባቡር ቪክቶሪያ ፓርክ ስታምፒድ ጣቢያ ወርዳችሁ ጥቂት ትራመዳላችሁ። ውስጡም ይበርዳልና ለትንንሾቹ ጋቢ ያዙ፤ እኔ ጋቢ ይዤ ስገባ ዞር ብሎ ያየኝ ሰው የለም።

በዓመት አንድ ጊዜ ብቻ መሄድ የምትችሉ ከሆነ የድብ አሻንጉሊት የሚወረወርበትን ቀን ምረጡ፤ በታኅሣሥ መጀመሪያ ነው። ልማዱን የጀመረው በ1993 ካምሉፕስ ነው፤ ካልጋሪ ግን እጅግ አሳደገው። ሂትመን የመጀመሪያውን ግብ ሲያስቆጥር ተመልካቹ ይዞት የመጣውን አሻንጉሊት ሁሉ ወደ በረዶው ይወረውራል። በ2018 የተቆጠረው 29,635 ነበር። አየሩ በድብ ይሞላል፤ ከላይኛው ፎቅ የተወረወረው ከታች ያለውን ሰው ትከሻ መትቶ ይቀርና ያ ሰው አንሥቶ ወደፊት ያቀብለዋል። ተጫዋቾቹ ክምሩ ላይ ይተኛሉ፣ እርስ በርስ ይወራወራሉ፤ ልጅነታቸው የሚታየው ያኔ ነው። አሻንጉሊቶቹ ወደ ሕፃናት ሆስፒታልና ወደ በጎ አድራጎት ድርጅቶች ይሄዳሉ። ቀኑ በጾመ ነቢያት ውስጥ ስለሚውል የምትጾሙ ከቤት በልታችሁ ውጡ፤ እዚያ የሚገኘው ከድንች ጥብስና ቅቤ ካልነካው ፈንዲሻ በቀር አብዛኛው ሥጋና አይብ ነው።

ሁለት ቀን የሚችል ደግሞ የሌትብሪጅን ጨዋታ ይጨምር፤ ከካልጋሪ የሄደው የድሮው ቡድን ነውና። ሦስተኛ የሚፈልግ የ2025ቱን ባለዋንጫ ሜዲሲን ሃትን ይመልከት። ሳድልዶም እነዚህን ጨዋታዎች የሚያስተናግደው ለጥቂት ጊዜ ነው፤ ስኮሺያ ፕሌስ የተባለው አዲሱ አዳራሽ ከጎኑ እየተሠራ ነው፣ በ2027 ይከፈታል ተብሏል። የእሑድ ከሰዓት ጨዋታዎች ከቅዳሴ በኋላ ይመቻሉና እኛ ዘንድሮ የምንይዘው እነዚያን ነው።